ያለ ዋስ የማትሰጠው ድመት

ተረት አለኝ። ላም የለበትም፣ በረትም የለበትም። ድመት ግን አለበት፤ ድመቷ ውል አለባት፤ ውሉም ስንቱን ሰው አሯሯጠ። ሥራ የሌለው ይቅረብ፤ ሥራ ያለው ደግሞ ሥራውን ይዞ ይቅረብ።

በደሴ ከተማ ደብሪቱ የምትባል ልብስ ሰፊ ነበረች። ባሏ ከሞተ ቆይቷል፤ ልጇም አግብታ ወልድያ ገብታለች። ቀን ቀን የስፌት መኪናዋ ይንደቀደቃል፤ መኪናው ሲቆም ግን ቤቱ ጭጭ ይላል። ያን ጊዜ ደብሪቱ ከግድግዳ ጋር ላለማውራት ስትል መኪናዋን እንደገና ታስነሳለች። የሚሰፋ ባይኖር እንኳ ቁራጭ ጨርቅ ከቁራጭ ጨርቅ ትገጥማለች። ቤቷ ማንም ራሱን አሳርፎባቸው በማያውቅ ትራሶች ተሞልቷል።

አንድ ቀን አቶ ገላውዲዮስ የሚባሉ ሰው መጋረጃ ሊያሰፉ ጠሯት። አቶ ገላውዲዮስ የፋርስ ዘር ድመቶች ያረባሉ፤ ፊታቸው ጠፍጣፋ፣ ጸጉራቸው እንደተነደፈ ባዘቶ የሆነ፣ ሰውን ሲያዩ አከራይ ተከራዩን እንደሚያይ የሚያዩ ድመቶች። ደብሪቱ መጋረጃውን ጭኗ ላይ ዘርግታ ጠርዙን ስትቀመቅም፣ ማለዳ ከጦሳ ተራራ የሚወርደውን ጉም የመሰለች አንዲት የድመት ግልገል መጥታ ጨርቁ ላይ ወጣች። ዞር ዞር አለች፤ ጨርቁን በእግሯ አሸት አሸት አደረገች፤ ተኛች። ደብሪቱ መርፌዋን አቆመች። ጭኗ ሞቀ።

«ይቺን ስጡኝ» አለች።

ይኸው ነው ፍላጎቷ። ቤት አይደለ፣ መሬት አይደለ፣ ድመት።

አቶ ገላውዲዮስ ደስ አላቸው። በዋጋውም ወዲያው ተስማሙ። ግን ከመሳቢያቸው ጠቀም ያለ ወረቀት አወጡ። «እትዬ ደብሪቱ፣ እኔ ያለ ውል አልሰጥም።»

«ለድመት?»

«ለድመት። ከኮምቦልቻም የጠየቁኝ ሰዎች አሉ፤ ቅዳሜ ይመጣሉ። እስከዚያ ውሉን ከጨረሱ የእርስዎ ናት። ከቤት ብቻ እንዳትወጣ።»

ሻይም ቀዱላት። ደብሪቱ ወረቀቱን አገላበጠችው እንጂ አላነበበችውም። ማንበቡን ታውቃለች። ግን ሰው ሻይ ቀድቶላት፣ ፊት ለፊቱ ተቀምጣ ወረቀቱን አንድ በአንድ ብትመረምር «አላመንኩህም» ማለት መሰላት። ስለዚህ በቀጥታ ወደ መጨረሻው ገጽ ሄደች። እዚያ ለገዢ ፊርማ አንድ መስመር፣ ከሥሩ ደግሞ ለዋስ ሌላ መስመር ባዶውን አፍጥጦባታል። ወረቀት አፍ ቢኖረው «ያለ ዋስ አልጸናም» ይል ነበር።

ውሉ ያለ ዋስ አልጸናም፣ ሻጩ ያለ ውል አልሰጥም፤ የደብሪቱም ጭን ባዶ።

ደብሪቱ ዋስ ፍለጋ ጎረቤቷ ጋሽ እንድሪስ ዘንድ ሄደች። ጋሽ እንድሪስ ጡረታ የወጡ የከባድ መኪና ሹፌር ናቸው፤ በራቸው ላይ ፀሐይ ይሞቃሉ።

«ዋስ ሁኑኝ» አለቻቸው።

«ምን ሰረቅሽ?»

«ድመት ልገዛ ነው።»

«ድመት በዋስ? አንቺ፣ ያን ሟች ባልሽን እንኳ በሽማግሌ ቃል ብቻ ነው የወሰድሽው።»

«እሱ ጸጉሩ እንዲህ አልነበረማ።»

ሳቁ። ሳቃቸው ሲያልቅ ግን ፊታቸውን ቋጠር አደረጉ። «ከቤት እንዳትወጣ ብሏል አልሽ። ድመት ደግሞ መስኮት ታውቃለች። ወጥታ ብትጠፋ ሰውዬው ማንን ነው የሚይዘው? አንቺን ካጣ እኔን። ደብሪቴ፣ አልጨከንኩብሽም፤ መስኮትሽ ላይ ወንፊት ሽቦ ይመታና በደስታ እፈርማለሁ።»

ዋሱ ያለ ወንፊት አልፈርምም፣ ውሉ ያለ ዋስ አልጸናም፣ ሻጩ ያለ ውል አልሰጥም፤ የደብሪቱም ጭን ባዶ።

ደብሪቱ አናጢው ይማም ዘንድ ሄደች። ይማም እርሳሱን ከጆሮው ላይ አንስቶ መልሶ ሰካው።

«እትዬ፣ ሽቦው አለኝ፣ ምስማሩ አለኝ፣ እጄም ይኸው። ቤቱ ግን የእማማ ዘሙ ነው። ባለፈው ለአንዷ ተከራይ መደርደሪያ ብመታ ‹ግድግዳዬን ወንፊት አደረገው› ብለው ሰፈሩን ሁሉ አዳረሱት። አሁን እኔ ራሴ ወንፊት ይዤ ልሂድ? ከሳቸው ፈቃድ ያምጡልኝ፤ ከዚያ በኋላ ግማሽ ቀን አይፈጅብኝም።»

«አንተ ይማም፣ አሮጊት ትፈራለህ?»

«እሳቸውን ነው የምፈራው እንጂ አሮጊትስ አልፈራም።»

አናጢው ያለ ፈቃድ አልመታም፣ ዋሱ ያለ ወንፊት አልፈርምም፣ ውሉ ያለ ዋስ አልጸናም፣ ሻጩ ያለ ውል አልሰጥም፤ የደብሪቱም ጭን ባዶ።

ደብሪቱ አከራይዋ እማማ ዘሙ ዘንድ ገብታ የድመቷን ነገር አነሳች። እማማ ዘሙ ምስር እየለቀሙ ነበር፤ ቀና አላሉም።

«ሴት ናት ወንድ?»

«ሴት ናት እማማ።»

«ትወልዳለቻ። ልጆቿም ይወልዳሉ። ከዚያ እኔ ወጥቼ ድመቶቹ ግቢውን ያከራዩታል።»

«እማማ፣ አንዲት ድመት ናት እኮ።»

«ሁሉም አንድ ሆኖ ነው የሚጀምረው።» እማማ ዘሙ ከምስሩ አንድ ጠጠር አውጥተው ወረወሩ። ከዚያ ቀና ብለው አዩዋት፤ ድምፃቸውም ለሰስ አለ። «ደብሬ፣ ብቸኝነትሽን አላውቅም መሰለሽ? ሌሊት ያንን መኪና ስታንቀጫቅጪ የምሰማው እኔ ነኝ። ግን ደረቴን ታውቂዋለሽ፤ ጉንፋን ሲይዘኝ ወር ነው። በሽታ እንደሌለባት፣ ዕድሜዋ ሲደርስም እንደምትመክን ሐኪም ይጻፍልኝ። ከዚያ መስኮቱን ብትፈልጊ በወርቅ አስመቺው።»

አከራይዋ ያለ ሐኪም ወረቀት አልፈቅድም፣ አናጢው ያለ ፈቃድ አልመታም፣ ዋሱ ያለ ወንፊት አልፈርምም፣ ውሉ ያለ ዋስ አልጸናም፣ ሻጩ ያለ ውል አልሰጥም፤ የደብሪቱም ጭን ባዶ።

ደብሪቱ የእንስሳት ሐኪሟ ዶክተር ፍሬሕይወት ዘንድ ሄደች። ተራ ስትጠብቅ ከጎኗ አንድ በግ፣ ከበጉ ጎን አንድ በጣም የተናደደ ዶሮ ነበር። ዶክተሯ ወጣት ናት፤ የደብሪቱን ነገር ከላይ እስከ ታች አዳመጠቻት።

«እናቴ፣ ችግሩ ገብቶኛል። ግን ያላየሁትን እንስሳ ጤነኛ ነው ብዬ እንዴት እጽፋለሁ? ድመቷን ይዘዋት ይምጡ።»

«ድመቷማ ሻጩ ጋ ናት።»

«ከሻጩ ይውሰዷታ።»

ደብሪቱ በጣቷ ቆጠረች። ከሻጩ ለመውሰድ ውል፣ ለውሉ ዋስ፣ ለዋሱ ወንፊት፣ ለወንፊቱ ፈቃድ፣ ለፈቃዱ የሐኪም ወረቀት፣ ለወረቀቱ ድመቷ። ድመቷ ደግሞ ሻጩ ጋ። ነገሩ ዞሮ ጭራውን ነክሶ ቁጭ አለ።

ሐኪሟ ያለ ድመቷ አልጽፍም፣ አከራይዋ ያለ ሐኪም ወረቀት አልፈቅድም፣ አናጢው ያለ ፈቃድ አልመታም፣ ዋሱ ያለ ወንፊት አልፈርምም፣ ውሉ ያለ ዋስ አልጸናም፣ ሻጩ ያለ ውል አልሰጥም፤ የደብሪቱም ጭን ባዶ። ቀኑም ዓርብ ሆነ።

ዓርብ ከሰዓት በኋላ ደብሪቱ ያለቀውን መጋረጃ ይዛ አቶ ገላውዲዮስ ቤት ሄደች። ሰቀለችው፤ አማረ። ቁጭ ከማለቷ ያቺ ጉም የመሰለች ግልገል መጥታ ጭኗ ላይ ወጣች። ደብሪቱ አልነካቻትም። መንካት መለያየቱን ያከብድባታል።

«አቶ ገላውዲዮስ፣ አልሆነልኝም። ለኮምቦልቻዎቹ ስጧቸው» አለችና፣ ከሐኪሟ ጀምራ እስከ ዋሱ ድረስ ያለውን ሁሉ በአንድ ትንፋሽ ነገረቻቸው።

አቶ ገላውዲዮስ አቀረቀሩ። «ከውሉ የቱ ነው የከበደዎት?»

«እንጃ። አላነበብኩትም።»

«ለምን?»

«አፈርኩ። ሻይ ቀድተውልኝ ወረቀትዎን ልመርምር?»

አቶ ገላውዲዮስ መነጽራቸውን አወለቁ። «እኔም ላስረዳዎት አስቤ አፍሬ ተውኩት። ‹የማላውቅ መሰልኩት ወይ› እንዳይሉኝ ብዬ።»

እንዲህ ነው። ሁለት ጨዋ ሰዎች ሲከባበሩ ድመቷ ኮምቦልቻ ልትሄድ ነበር።

«እንግዲያው ማፈሩ ይቅርና እናንብበው» አለች ደብሪቱ፤ ወረቀቱንም ከመጀመሪያው ገጽ ያዘችው። «‹ገዢ ድመቷን ከቤት ውጭ አይለቅም።› ለምን?»

«አፍንጫዋን ይዩት። ሩጫ ላይ ትንፋሽ ያጥራታል። ውሻ ቢመጣባት አታመልጥም።»

«ገባኝ። ‹ገዢ ድመቷን ዕድሜዋ ሲደርስ ያስመክናል፤ አያራባም።› እርስዎ ያረቡ የለ እንዴ?»

«አረባለሁ፤ አሳርፋቸዋለሁም። አንዷን ያለ ውል ሸጬ፣ ዕረፍት ሳይሰጡ ሲያስወልዷት ኖረው ጎኗ ባዶ ከረጢት መስሎ አየኋት።»

ደብሪቱ ገጹን ገለጠች። «‹ገዢ ድመቷን ለሌላ አይሸጥም፣ አይሰጥም፣ አይጥልም፤ ማቆየት ካልቻለ ለሻጭ ይመልሳል።›» እዚህ ላይ ድምጿ ሻከረ። «ይኸውልዎ። ከለመድኳት በኋላ ሊነጥቁኝ ነው የጻፉት።»

«አይደለም» አሉ አቶ ገላውዲዮስ። «አንድ ሽማግሌ ከኔ ገዝተው ነበር፤ እንደ ልጅ ያዟት። ሲሞቱ ዘመዶቻቸው ፍራሹን አውጥተው ሲጥሉ እሷንም አብረው ጣሏት። ቆሻሻ መጣያው ጋ አገኘኋት፤ ጸጉሯ ተጋግሮ አላወቅኋትም። ስሟን ስጠራት ነው ዞር ያለችው።»

ደብሪቱ እጇ ሳታስበው ግልገሏ ጀርባ ላይ አረፈ።

«እኔ ብሞት ማለት ነው እንግዲህ።»

«ቢታመሙ፣ ልጅዎ ዘንድ ቢሄዱ፣ አቅም ቢያጥርዎ። እኔ እስካለሁ ድረስ ሜዳ ላይ አትወድቅም ማለት ነው።»

«ታዲያ ይህን መጀመሪያው ገጽ ላይ በትልቁ አይጽፉትም ኖሯል?» አለች፤ ዓይኗንም በመጋረጃው ትራፊ ጠረግ አደረገች። ቀጠለች። «‹ሻጭ ከርክክቡ በፊት ድመቷን ለእንስሳት ሐኪም አሳይቶ የጤና ማረጋገጫ ያቀርባል።›» ቆመች። መልሳ አነበበችው። «ሻጭ ማን ነው?»

አቶ ገላውዲዮስ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «እኔ።»

«ታዲያ ሐኪም ቤት ከበግ ጋር ተራ የያዝኩት እኔ ምን ቤት ነኝ?»

«ረስቼው ነው እትዬ። ለራፖር ጸሐፊው በቃሌ ነገርኩት፤ እሱ ጻፈው።»

«ሲያስረክብዎት አላነበቡትም?»

«ፊት ለፊቱ ተቀምጬ ላነበው አፈርኩ።»

ደብሪቱ ሳቀች፤ ጭኗ ሲናጥ ግልገሏ አንድ ዓይኗን ገልጣ ገሠጸቻት። «ዋስ የሚለውስ?»

«እሱን ጸሐፊው ከራሱ ነው የጨመረው። ለቤት ኪራይም፣ ለሠራተኛም፣ ለሁሉም ይጨምራል። ልሰርዘው?»

ደብሪቱ አሰበችበት። «አይሰረዝ። አንድ ቀን ብወድቅ ‹ድመቷን ና ውሰድ› ብሎ የሚደውልልዎት ሰው ያስፈልጋል።»

አቶ ገላውዲዮስ ተነሡ፤ ግልገሏን ቅርጫት ውስጥ አስገብተው ክዳኑን ዘጉ፤ ሐኪም ቤት ሳይዘጋ ደረሱ። ዶክተር ፍሬሕይወት ጆሮዋን አየች፣ ጥርሷን አየች፣ ደረቷን አዳመጠች፤ ጻፈች፤ የማምከኛውንም ቀጠሮ ጨመረችበት። ሐኪሟ ስትጽፍ እማማ ዘሙ ፈቀዱ፤ «አስነጥሳ ከሰማሁ ግን» አሉ እንጂ ዓረፍተ ነገሩን አልጨረሱትም። እማማ ዘሙ ሲፈቅዱ ይማም ቅዳሜ በማለዳ ሽቦውን መታ፤ እሳቸው አጠገቡ ቆመው እያንዳንዱን ምስማር በዓይናቸው ተከተሉ። ይማም ሲመታ ጋሽ እንድሪስ ሽቦውን በጣታቸው ገፋ ገፋ አደረጉና ፈረሙ። ዋሱ ሲፈርሙ ውሉ ዋስ አገኘ። የቀረው የገዢና የሻጭ ፊርማ ነው።

ደብሪቱ ግን እስክሪብቶውን እንዳነሳች ከመጨረሻው መስመር በላይ በገዛ እጇ አንድ ነገር ጻፈች፤ ከዚያ ፈረመች። አቶ ገላውዲዮስ ወረቀቱን ተቀብለው ሳያዩ ሊፈርሙ ሲሉ መዳፏን አሳረፈችበት።

«ያንብቡት።»

«በእርስዎ እምነት አለኝ እኮ።»

«እምነቱን አስቀምጠው ያንብቡት።»

አነበቡት። «‹ሻጭ ድመቷ በናፈቀችው ጊዜ ሁሉ ያለ ቀጠሮ መጥቶ ያያታል። ገዢም በር አይዘጋበትም።›» ሁለቴ አነበቡት። መነጽራቸውን አውልቀው በሸሚዛቸው ጫፍ ወለወሉት፤ ቆይተው ፈረሙ። የኮምቦልቻ ሰዎች ሲመጡ የግልገሏን ወንድም መርጠው ወሰዱ፤ እነሱም ውሉን ቁጭ ብለው አነበቡ፤ ማን እንዳስነበባቸው እናንተ ገምቱ።

ሐኪሟ ጻፈች፣ አከራይዋ ፈቀዱ፣ አናጢው መታ፣ ዋሱ ፈረሙ፣ ውሉ ጸና፣ ሻጩ ሰጡ፤ የደብሪቱም ጭን ሞላ።

ተረቴ ይኸው አለቀ። የሰማችሁት እዚህ ጋ ፈርሙልኝ፤ ያልሰማችሁት ግን እንዳትፈርሙ፤ ከመጀመሪያው እነግራችኋለሁ።