እመት ጦጢትና ዓይን የማይወደው ደን

እስቲ ጠጋ ጠጋ በሉ፤ ወሬዬ ለሁላችሁም ይበቃል።

ዱሮ፣ በጣም ዱሮ፣ ሰውና እንስሳ መንገድ ላይ ሲገናኙ ጤና ይስጥልኝ በሚባባሉበት ዘመን፣ ስሙ በጠፋ አገር አንዲት ትንሽ የወንዝ ዳር መንደር ነበረች። ከመንደሯ በላይ ዝግባና ዋንዛ ትከሻ ለትከሻ የተደገፉበት ደን ነበር። ሽማግሌዎቹ «ወደዚህ ደን መጥረቢያ አይገባም፤ ማየት ግን ለመጣ ሁሉ ነው» ብለው ደነገጉ። ስለዚህ ከደረቁ ቆላ እንስሳት ስንቃቸውን ቋጥረው ደኑን ሊያዩ ይጎርፉ ነበር።

በዚያ መንደር ጥግ እመት ጦጢት ትኖር ነበር። ስንፍናዋ ከጅራቷ ይረዝማል። ዳገት መውጣት ይታክታታል፤ ስንቅ ሲሸታት ግን አፍንጫዋ እስክስታ ይወርዳል። አንድ ቀን የዋንዛ ቅጠል አናቷ ላይ ደፍታ መንገድ ዳር ተገተረችና «የደኑ ዘበኛ እኔ ነኝ!» አለች።

መጀመሪያ አያ አህያ የገብስ ቆሎውን አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ ደረሰ።

«እንደምን ዋልሽ እመት ጦጢት፤ ደኑን ለማየት መጣሁ።»

«ልታይ? ውይ አያ አህያ፣ ልታደርቀው ነው? ይህ ደን ዓይን አይወድም! ዓይን ከበላው ዛሬውኑ ይጠወልጋል። በል ስንቅህን አሸክመኝና ጨፍን፣ ተከተል፣ አትጠይቅ!»

አህያ ጨፈነ። ጦጢት ጆሮውን ይዛ የመንደሩን የአመድ ክምር ታዞረው ጀመር። በቅጠል ውሃ እየረጨች «ይኸው ፏፏቴው!» ትላለች። በጅራቷ ጫፍ አፍንጫውን እየኮረኮረች «ይኸው ቢራቢሮው!» ትላለች።

«አቤት ሲያምር!» ይላል አህያ። ቆሎው አለቀ።

አህያ አገሩ ገብቶ ያላየውን ሁሉ አወራ። ጃርት ሰማና መጣ። ጨፍን፣ ተከተል፣ አትጠይቅ! ከርከሮ ሰማና መጣ። ጨፍን፣ ተከተል፣ አትጠይቅ! የጦጢት ሆድ ከበሮ አከለ፤ ሳቋን እያፈነች በሂቅታ ታመመች።

አንድ ቀን እሜቴ ጅግራ ለክፉ ቀን ያኖረችውን የሽምብራ ቆሎ አራግፋ፣ ጫጩቶቿን አስከትላ መጣች። አህያም አማረውና ተከተላት። ከኋላ ፍልፈል ነበር።

«ጨፍኑ፣ ተከተሉ፣ አትጠይቁ!»

«እኔ ስፈጠርም የጨፈንኩ ነኝ» አለ ፍልፈል።

ጉዞ ተጀመረ። ፍልፈል አነፈነፈ፤ ጆሮውን አቀና።

«እመት ጦጢት፣ ደኑ ለምን አመድ አመድ ይሸታል?»

«አትጠይቅ!»

«ፏፏቴውስ ለምን ሽምብራ ይቆረጥማል?»

«አትጠይቅ አልኩህ!»

ወዲያው ፍልፈል ትናንሽ እግሮች ከሰልፉ ወጥተው ወደ ወንዙ ሲንደረደሩ ሰማ። ከዚያ ጧ! የሚል የውሃ ድምፅ።

«ዓይናችሁን ግለጡ! ጫጩቷ ወንዝ ገባች!»

ጅግራ ጮኸች። አህያ ዘሎ ገባና ውሃው ሳይወስዳት በከንፈሩ አንጠልጥሎ አወጣት። ጅግራ ልጇን ክንፏ ስር ወሽቃ ዙሪያዋን ስታይ፣ የአመድ ክምር! ስንቋስ? ጦጢት ጉንጭ ውስጥ!

«ወይኔ!» አለ አህያ። «እኔ እኮ ይህን አመድ ለአገር ምድሩ አውርቼዋለሁ!»

ሁሉም በሳቅ ፈረሱ። ጦጢት ልታመልጥ ዛፍ ላይ ተንጠለጠለች፤ ሆዷ ጎተታትና አህያ ጀርባ ላይ ዱብ አለች።

«አልመታሽም» አለች ጅግራ። «ልጆቼን ተሸክመሽ እውነተኛውን ደን ታሳዪናለሽ። ዓይናችንን ገልጠን!»

ጦጢት ጫጩቶቹ እየጠቀጠቋት፣ እያለከለከች ዳገቱን ወጣች። ከስንፍናዋ ብዛት ለካ እሷም እዚያ ደርሳ አታውቅም! ፏፏቴው ከገደሉ ሲዘል ስታይ አፏ ተከፍቶ ቀረ፤ ሽምብራውም ከጉንጯ ተንዠቀዠቀ። ጫጩቶቹ ከመሬት እየለቀሙ፣ አህያ እያናፋ፣ ፍልፈል በፍንጣቂው እየታጠበ ቀኑ በጭፈራ አለፈ።

ተረቴ ለእናንተ፣ ምርቃቱ ለእኔ። የዚያች መንደር ሰዎችም እስከ ዛሬ እንዲህ ይላሉ፦

«ዓይንህን ጨፍን» የሚልህን፣ አስቀድመህ እጁን ያዘው።