ብርሃን ያልደረሰበት ጉድጓድ

አንድ አብሳዲ የሚባሉ መምህር ነበሩ። በተራራ ራስ ላይ ተቀምጠው፣ ደቀ መዛሙርት ሰብስበው ስለ ብርሃን ያስተምሩ ነበር።

"አለ የምንለው ነገር ሁሉ ብርሃን ነው" ይላሉ። "ድንጋይ የረጋ ብርሃን ነው። ውሃ የሚሄድ ብርሃን ነው። ሰውም የሚያስብ ብርሃን ነው።"

ይህን ትምህርት የጀመሩት የጥንት ሰዎች ትተውት የሄዱት አንድ ቃል ብቻ ነበር፦ "ብርሃን ያልደረሰበት የለም።" ደቀ መዛሙርቱ በዚህች ቃል ሲከራከሩ ኖረዋል። ገሚሶቹ "ብርሃን በሁሉም ቦታ ደርሷል ማለት ነው" ሲሉ፣ ገሚሶቹ ደግሞ "አይደለም፤ ብርሃን ያልደረሰበት ነገር ከነጭራሹ የለም ማለት ነው" ይላሉ። የኔታ አብሳዲ ከሁለተኞቹ ጋር ነበሩ። ጨለማ ባዶ ነው፣ በውስጡም ምንም የለም ብለው አርባ ዓመት አስተምረዋል። በዚያ ሁሉ ዘመን አንድ ቀን እንኳ ተጠራጥረው አያውቁም።

አንድ በጋ ምንጩ ደረቀ። ውሃ ለማውጣት ወልዱ የሚባል ጉድጓድ ቆፋሪ ከቆላ ተጠራ፤ ከሚስቱ ከስንዱ ጋር መጣ። እሱ ከታች ይቆፍራል፣ እሷ ከላይ ሆና አፈሩን በገመድ በታሰረ ቅርጫት ትስባለች። ወልዱ ጨዋታ ይወድ ነበርና ጠዋት ጠዋት ሲወርድ ደቀ መዛሙርቱን "ዛሬም ምንም ወደሌለበት አገር ልሄድ ነው" ይላቸዋል። ይስቃሉ። የኔታም ፈገግ ይላሉ።

በአሥራ ሦስተኛው ቀን ጉድጓዱ ሃያ ክንድ ደረሰ። ወልዱ በአንድ ወገን ያለው አፈር እርጥበት እንዳለው አየና ወደ ጎን መቆፈር ጀመረ። እንደ ዋሻ ሰርስሮ ሰውነቱን ሁሉ አስገባ። ወዲያው የዋሻው አፍ ተደረመሰ፤ ወልዱ ከውስጥ ቀረ።

ስንዱ እየጮኸች ወደ ደቀ መዛሙርቱ ሮጠች። "ድረሱልኝ! ወልዱን አፈር በላብኝ!"

ጊዜው ቀትር ነበር። ትምህርቱ ተቋርጦ ሁሉም ወደ ጉድጓዱ አፍ ሄዱ። ከእነሱ ትልቁ ደቀ መዝሙር የተወለወለ የነሐስ መስታወት ይዞ ነበርና የፀሐዩን ብርሃን አጥምዶ ወደ ታች ላከው። ብርሃኑ ጉድጓዱን ሞልቶ እስከ ወለሉ ወረደ። አፈር እንጂ ሌላ አልታየም።

"ብርሃኑ ደርሷል" አለ ባለ መስታወቱ። "ሰው የለም።"

በዚያች ቅጽበት ከአፈሩ ወዲያ ቀጭን ድምፅ ተሰማ። "ስንዱ! ስንዱ!"

"የለም?" አለች ስንዱ ወደ እሱ ዞራ። "ሲጣራ እየሰማህ የለም ትለኛለህ?"

ባለ መስታወቱ መስታወቱን ዝቅ አደረገ። አንዱ "ድምፅ ራሱ ብርሃን ይሆን?" ብሎ ጠየቀ። ሌላው "ብርሃን ከሆነማ ለምን አላየነውም?" አለ። ሦስተኛው የሁለቱንም አባባል ደግሞ ለራሱ ነገረውና ምንም አልገባውም። ይህን ሲነጋገሩ ከታች ድምፁ እየደከመ ይሄድ ነበር።

የኔታ አብሳዲ ሰዎቹን ከፍለው እስከ ጉድጓዱ አፍ ቀረቡና በጉልበታቸው ተንበረከኩ።

"ወልዱ!" ብለው ተጣሩ። "ምን ይታይሃል?"

"ምንም።"

"ምንም?"

"እጄ እንኳ አይታየኝም።"

የኔታ እንደ ደቀ መዝሙር ግራ በተጋባ ድምፅ ጠየቁ። "ታዲያ እጅህ መኖሩን በምን አወቅህ?"

ስንዱ አፏን በነጠላዋ ይዛ ትጠብቅ ነበር።

"አባቴ" አለ ወልዱ ከታች። "በጣም እያመመኝ ነው።"

የኔታ ቀና ሲሉ ፊታቸው ሌላ ሰው መስሎ ነበር። ክንፉ የሚባል፣ ሰባት ዓመት ከእግራቸው ሥር የተማረ ሰው ትክ ብሎ አያቸው። የቃሉ የትኛው ፍቺ ትክክል እንደሆነ፣ የሰባት ዓመት ትምህርቱ እውነት ይሁን ከንቱ አላወቀም። ሊያስብበትም ሞከረ፤ ሐሳቡ እየተምታታ አስቸገረው። ብቻ ገመዱን ወገቡ ላይ አሰረ።

"ልወርድ ነው" አለ።

"ምን እንዳለ ሳታውቅ?" አለ ባለ መስታወቱ።

"ሰውዬው አመመኝ አለ እኮ" አለ ክንፉ፤ ሌላ ምክንያት አልነበረውም።

ወረደ። አፈሩን በእጁ እየዛቀ ወደ ቅርጫቱ ሲከት ስንዱና ደቀ መዛሙርቱ እየሳቡ አወጡ። የኔታ አብሳዲም በሰባ ዓመታቸው ጋቢያቸውን ጥለው ገመድ ያዙ፤ መዳፋቸው ተላጠ። ከቀትር እስከ ዘጠኝ ሰዓት ማንም ስለ ብርሃን አንድ ቃል አልተናገረም። በመጨረሻ ክንፉ የወልዱን እግር አገኘ። ጎትቶ አወጣውና ከገመዱ ጋር አሰረው።

ወልዱ ከጉድጓዱ ሲወጣ ግራ እጁ ተጨፍልቆ ነበር። ደቀ መዛሙርቱ ፀሐዩን ሲያይ ደስ ይለዋል ብለው ጠበቁ። እሱ ግን ዓይኑን ጨፍኖ ጮኸ።

"ጋርዱልኝ! ዓይኔን አቃጠለኝ፣ ጋርዱልኝ!"

የቆሙት ሁሉ እርስ በርሳቸው ተያዩ። የኔታ አብሳዲ የጣሉትን ጋቢ አነሱ፤ በሁለት እጃቸው ዘርግተው በወልዱ ላይ ጥላ ሠሩለት። ስንዱ የባሏን ራስ ጭኗ ላይ አድርጋ ታለቅስ ነበር። ወጌሻ ተጠርቶ እስኪመጣ ድረስ የብርሃን መምህር ፀሐይ ከልክለው ቆሙ። ክንዳቸው ሲዝል ክንፉ "የኔታ፣ እኔ ልያዘው" አላቸው። እምቢ አሉ።

በማግሥቱ ደቀ መዛሙርቱ ተሰበሰቡ። ትልቁ ተነሥቶ "የኔታ፣ ትናንት የሰማነው ምን ነበር? ጨለማ ባዶ ከሆነ፣ የተጣራው ማን ነው?" አለ።

"አላውቅም" አሉ የኔታ።

እንዲህ ሲሉ ለመጀመሪያ ጊዜ የተሰሙት ያን ቀን ነው። ሦስት ደቀ መዛሙርት "የማያውቅ መምህር ምን ያደርግልናል?" ብለው ተነሥተው ሄዱ። ክንፉ ቀረ።

ከሳምንት በኋላ የኔታ ወልዱን ሊጠይቁት ሄዱ። እጁ በቀርከሃ ታስሮ ተጋድሟል። አጠገቡ ተቀመጡና "እዚያ ውስጥ ሆነህ ምን ታስብ ነበር?" አሉት። ስለ ሞት ወይም ስለ ፈጣሪ እንዲነግራቸው ጠብቀው ነበር።

"ሰው ሊያወጣኝ ይመጣ ይሆን፣ አይመጣ ይሆን፤ እሱን ብቻ" አለ ወልዱ። "ሰው እስኪወርድልኝ ድረስ ከላይ ስታወሩ ይሰማኝ ነበር።"

የኔታ አንገታቸውን ደፉ።

ይህን ታሪክ ለብዙ ሰው ነግሬያለሁ። አንዳንዱ የመምህሩ ትምህርት ስህተት ነበር ይለኛል፤ አንዳንዱ ትምህርቱ ልክ ነው፣ የተረዱበት መንገድ ነው የተሳሳተው ይለኛል። እኔ አሁንም መለየት አልቻልኩም። የገባኝ ይህ ብቻ ነው፦ ሰው እኛ ስላላየነው አይጠፋም፤ እውቀታችን ቦታ ስላልሰጠውም ሕመሙ አይቀርለትም። ስለዚህ እምነታችን የማያውቀው ሰው ሲጣራ ከሰማን መጀመሪያ እንውረድለት፤ ግራ መጋባታችንን በኋላ እንፈታዋለን፣ ባንፈታውም ሰው ተርፏል። እስቲ ራስህን ጠይቅ፦ አንተ በሐሳብህ ትክክለኛነት ስትከራከር፣ ክርክርህን እየሰማ የሚጠብቅህ ማን ነው?