የመጨረሻዋ አጥንት

አንድ ጊዜ፣ በዱር አራዊት ትምህርት ቤት፣ የኮምፒዩተር ጨዋታ ነፍሱ የሆነ አያ ጅቦ የሚባል ተማሪ ነበር። የኮምፒዩተር ክፍሉ ኃላፊ መምህር አህያ ግን ጨዋታዎቹን በሙሉ ከኔትወርኩ ዘግተውበታል። «ምቀኛ ናቸው!» እያለ ሲነጫነጭ እመት ቀበሮ ሰማችው።

«ይህን አድራሻ ጻፍ፣ አያ ጅቦ። ሲያዩት የሒሳብ መልመጃ ይመስላል፤ ውስጡ ጨዋታ ነው።»

«አጥንት አለበት?»

«አጥንት ብቻ ነው እንጂ!»

ጻፈው፤ ተከፈተለት። የሚንከባለል አጥንት እያሳደዱ መዋጥ ነው። የስክሪን አጥንት ሆድ እንደማይሞላ ሞኙ ጅቦ ገና አልገባውም፤ ምራቁን እየዋጠ ዘጠኝ መቶ ዘጠና ዘጠኝ ደረሰ። ለሺው አንዲት ስትቀረው ከጎኑ ልቅሶ ሰማ።

ትንሿ ሚዳቋ ናት። እናቷ ሣር ፍለጋ ሩቅ አገር ከሄደች ወራት አልፈዋል፤ የሚተያዩት አርብ አርብ፣ እዚሁ ክፍል፣ በስክሪን፣ ለግማሽ ሰዓት ብቻ ነው። አሁን የእናቷ ፊት አፏን እንደከፈተች ስክሪኑ ላይ ደርቆ ቀርቷል።

«መምህር፣ ምን ልትለኝ ነበር?»

መምህር አህያ ጆሯቸውን ጣሉ። «እኔ እንጃ ልጄ። መስመራችን ቀጭን ናት፤ አንዱ ሲጫወት ሌላው ይቋረጥበታል። ጨዋታውን የዘጋሁት እኮ ለዚሁ ነበር።»

ነገሩ ለአያ ጅቦ ቀስ እያለ ገባው። ቀበሮ ግን በሹክሹክታ «አንዷን ዋጥና ትዘጋዋለህ፤ ማን ያውቅብሃል?» አለችው። አጥንቷ እየተንከባለለች መጣች። ሚዳቋ አፍንጫዋን ሳበች። ጅቦ ዓይኑን ጨፍኖ ጨዋታውን ዘጋው።

«...ናፍቀሽኛል፣ ልጄ! አለሽ?» አለ የእናቷ ድምፅ።

«አለሁ፣ እማዬ!»

አያ ጅቦ አንገቱን ደፍቶ ወደ መምህሩ ሄደና ከሚዳቋ ኋላ ቆመ። «እኔ ነበርኩ፣ መምህር። ይቅር ይበሉኝ» አላቸው።

«ውይ ልጄን! ኋላሽ ያለው ጅብ ነው?» ስትል እናትየው ጮኸች። ጅቦ ደንግጦ ጥርሱን በሁለት እጁ ሸፈነ።

«አትፍሪ፣ እማዬ። መስመሩን የለቀቀልኝ እሱ ነው።»

እናትየው ወደ ስክሪኑ ጠጋ ብላ አየችው። «እንዲያ ከሆነ ተባረክ፣ ልጄ» አለችው።

ጅቦን ልጄ ያለው እስከዚያ ቀን ማንም አልነበረም። ሆዱ ባዶ ነበር፤ ወደ ዋሻው ሲመለስ ግን ረሃቡን ረስቶታል።

ከዚህ የምንማረው፣ የተዘጋብን በር ሲያናድደን በጓሮ ከመሹለካችን በፊት ለማን ተብሎ እንደተዘጋ መጠየቅ እንዳለብን ነው።