የነብሮ አጥንት የት ገባ?

ተረት ተረት ልበላችሁ። የላም በረቱን ተዉት፤ ላሟ ፋብሪካ ገብታለች።

እትዬ ደብሪቱ ለፋሲካ የሚያደልቡት ሙክት አላቸው። ሌባው በጠራራ ፀሐይ አጥሩ ላይ ተንጠልጥሎ ሙክቱን በዓይኑ ይመዝናል። ውሻቸው ነብሮ ያያል፤ ዝም።

«ጩህ እንጂ አንተ!» አሉት እትዬ።

«አጥንት ከሌለ ጩኸት የለም» አለ ነብሮ። ሁዳዴ ከገባ የሚቀርብለት ሽሮ ነው። ምስኪን፣ ሳይጠየቅ ጾመኛ ሆኗል።

እትዬ የምትለጠጠዋን ከረሜላቸውን እያላመጡ ሉካንዳ ሄዱ። «ጋሽ ሙዘይን፣ ነብሮ አይጮህ፣ ሌባው አይሸሽ፤ አንድ አጥንት!»

«ሞራውን ሳሙና ሠሪ፣ ቆዳውን ጫማ ሠሪ፣ አጥንቱን አጥንት ቀቃይ ወሰደው። ለውሻዎ ሽታው ቀርቷል።»

አጥንት ቀቃዩ ፋብሪካ ሄዱ። «ሉካንዳው ባዶ፣ ነብሮ አይጮህ፣ ሌባው አይሸሽ፤ አንድ አጥንት ተውልኝ!»

«አልተውም። ቀቅዬ ጀላቲን አወጣበታለሁ። ከረሜላ ሠሪው እየጠበቀኝ ነው።»

ሌባው አንድ እግሩን አሻገረ።

ከረሜላ ሠሪው ዘንድ ሮጡ። «ቀቃዩ አጥንት አልተው አለ፣ ሉካንዳው ባዶ፣ ነብሮ አይጮህ፣ ሌባው አይሸሽ፤ ጀላቲኑን ተው!»

«ታዲያ ከረሜላዬ በምን ይለጠጥ? በጸሎት? ባለሱቁ ሸምሱ በካርቶን ነው የሚያዘኝ።»

ሌባው ሁለተኛውንም እግሩን አሻገረ።

«ሸምሱ! ከረሜላ ሠሪው ጀላቲን አልተው አለ፣ ቀቃዩ አጥንት አልተው አለ፣ ሉካንዳው ባዶ፣ ነብሮ አይጮህ፣ ሌባው አይሸሽ፤ ከረሜላ ማዘዝ ተው!»

«እንዴት ብዬ? ጾም በገባ ቁጥር በቀን አንድ ፓኬት የሚጨርሱ ደንበኛ አሉኝ። ቢያጡ ሱቄን ያፈርሱታል።»

«ማነው ይሄ ሆዳም?»

«እርስዎ ነዎት፣ እትዬ።»

እትዬ ማላመጥ አቆሙ። «የጾም ነው ብለኸኝ የለ!»

«ወተት የለውም ወይ አሉኝ፤ የለውም አልኩ። ስለ አጥንት መች ጠየቁኝ?»

«እኔ እኮ ጾመኛ ነኝ!»

«እርስዎማ ጾመዋል። ከረሜላው ነው ያልጾመው።»

እትዬ ተፉት። እሳቸው ሲተፉ ሸምሱ ማዘዝ ተወ፤ ሸምሱ ማዘዝ ሲተው ከረሜላ ሠሪው ጀላቲን ተወ፤ ከረሜላ ሠሪው ጀላቲን ሲተው ቀቃዩ አጥንት መለሰ፤ ቀቃዩ ሲመልስ ጋሽ ሙዘይን አንድ ቅልጥም ወረወሩ፤ ቅልጥሙ ሲደርሰው ነብሮ ጮኸ፤ ነብሮ ሲጮህ ሌባው የሙክቱን ገመድ ለቆ፣ የሱሪውን ቁራጭ አጥሩ ላይ ትቶ ፈረጠጠ።

ከዚያ ቀን ወዲያ በእትዬ ደብሪቱ ግቢ፣ በጾም አጥንት የሚበላው ውሻው ብቻ ሆነ።