ባለጸጋው የማገደው ግንድ

የሥንዱ ኮምፒውተር ሞልቶ አላሠራ አላት። የሟች አባቷን ቪዲዮዎች የምታኖርበት ቦታ ስትፈልግ፣ ከሲስተሙ ውስጥ የምስጠራ ላይብረሪ የሚባሉ ፋይሎች አገኘች። አንድ ቀን እንኳ ከፍታቸው አታውቅም። «መምህር፣ እነዚህን ባጠፋቸው ምን ይቀርብኛል?» ስትል የኮምፒውተር አስተማሪዋን ጠየቀች። መምህር ዘርይሁን መነጽራቸውን አወለቁና እንዲህ ሲሉ ነገሯት፦

አንድ ባለጸጋ ነበረ። አባቱ ሲራራ ነጋዴ ነበሩ፤ ሲሞቱ ቅጥር ሙሉ ሀብት ተዉለት፤ ከጎተራው ጥግ የተጋደመ አሮጌ የወይራ ግንድም ጭምር። ያን ጊዜ ሽፍቶች የሐሰት መልእክት እየላኩ ነጋዴውን ከቤቱ ያስወጡትና መንገድ ላይ ይዘርፉት ነበር። ስለዚህ የዚያ ቤት ዘመድ ሩቅ አገር ሲሄድ፣ ከሌላው የማይመሳሰል ቀዳዳ ግንዱ ላይ ይፈለፈልለታል፤ በቀዳዳው ልክ የተቀረጸ ችካልም ይሰጠዋል። መልእክተኛ ሲመጣ ችካሉን ያቀርባል። ከቀዳዳው ልክክ ካለ ቃሉ ይታመናል፤ ካላለ በመጣበት ይመለሳል።

ባለጸጋው ልጅ ሳለ ይህን ሥራ ይወደው ነበር። አባቱ ወይራውን ሲፈለፍሉ፣ እሱ ከሥራቸው ተቀምጦ ፍቅፋቂውን በመዳፉ እየሰበሰበ ያሸት ነበር። እህቱ ወደ ጨው አገር ስትዳር አባታቸው የሷን ቀዳዳ የፈለፈሉት እያለቀሱ ነው። አባታቸው ከሞቱ በኋላ እናቱም ከልጃቸው ጋር ሊኖሩ ወደዚያው ሄዱ፤ ቤቱም ጭር አለበት። ያን ዘመን ባሰበ ቁጥር ሆዱ ይባባል። ግንዱን ግን ካደገ ወዲህ ነክቶት አያውቅም። መልእክተኛ የሚቀበለው በረኛው ነው፤ ጭነት የሚያስረክቡት ሎሌዎቹ ናቸው። እነሱ ችካል ሳይለኩ እንደማይውሉ ልብ ብሎ አላየም።

አንድ ዓመት እህሉ ተትረፈረፈና ጎተራው ጠበበ።

«ይህን የምስጥ ቀለብ አውጡልኝ» አለ ባለጸጋው ግንዱን እያሳየ።

«ጌታዬ፣ እኛ እኮ ያለሱ...» ብሎ በረኛው ጀመረ።

«እኔ ይህን ያህል ዘመን መቼ ነካሁት? ያልነካሁትን ማን ይፈልገዋል!» አለና አስፈልጦ ማገደው። ቅጥር ሙሉ ማገዶ እያለው! ሳይቸግር ጤፍ ብድር ማለት ይሄ ነው።

ክረምቱ ሲወጣ ከጨው አገር አንድ ሰው ችካል ይዞ መጣ። «እናትዎ ደክመዋል፤ ስምዎን ይጠራሉ፤ ቶሎ ይድረሱ» አለ። ባለጸጋው ወደ ጎተራው ሮጠ። ከእህል በቀር ምንም የለም። ችካሉን በመዳፉ አገላበጠው፤ የአባቱን እጅ ሥራ ይመስላል፤ ሽፍታም ግን ወይራ መቅረጽ አያቅተውም። ሆዱ እመን ይለዋል፤ ፍርሃቱ አትመን ይለዋል። መልእክተኛውን አሰናበተው። ሌላም መጣ፤ እሱንም አሰናበተ። በመጨረሻ እንቅልፍ ቢያጣ በቅሎውን አስጭኖ ራሱ ሄደ።

ሲደርስ የለቅሶው ድንኳን ተነሥቷል። እህቱ ደጅ ላይ ቆማ አየችው።

«እማዬ እስከ መጨረሻው ፊቷን ከበሩ አላነሳችም» አለችው። «"ችካሉ ደርሶታል፤ ልጄ መንገድ ላይ ነው" ትል ነበር።»

ባለጸጋው ከመሬት ተቀመጠና እንደ ልጅ አለቀሰ።

መምህር ዘርይሁን እዚህ ላይ ወደ ሥንዱ ዞሩ።

«አየሽ ልጄ፣ ግንዱ እነዚያ ፋይሎች ናቸው። አንቺ አትከፍቻቸውም። ፕሮግራሞቹ ግን የመጣላቸው ነገር ከእውነተኛው ላኪ መሆኑን የሚለዩት፣ የተቆለፈውንም የሚፈቱት በነሱ ነው። ካጠፋሻቸው ኮምፒውተርሽ ወዳጁን ከጠላቱ መለየት ያቅተዋል፤ ያጠፋሻቸውን መልሼ ከኢንተርኔት ላውርድ ብትይ እንኳ አላምንም ብሎ ይዘጋብሻል። ደግሞ ያን ቪዲዮ ቆልፈሽ አይደል የምታስቀምጪው?»

«አዎ» አለች ሥንዱ።

«በቁልፍሽ የሚከፍቱልሽ እነሱ ናቸው። ትርፍ ዲስክ ከኔ ዘንድ አለ፤ ነገ አመጣልሻለሁ። አባትሽን አኖራለሁ ብለሽ ወደ አባትሽ የሚያስገባሽን በር አትድፈኚ።»