የቁራው ጩኸትና የዳክዬዋ ልጆች

ተረት አለኝ፤ ጆሮ ያለው ይቅረብ፣ የሌለው ይዋስ።

ከደረቅ አገር የመጣ ቁራ በረግረግ ወፎች ላይ ነገሠና፣ «ከዛሬ ጀምሮ እንደ እኔ ጩኹ! የናንተማ የጭቃ ድምፅ ነው» ብሎ አዘዘ። ፈርተው እንደ እሱ ሲጮኹ ከረሙ።

አንድ ቀን ጭልፊት በዳክዬ ልጆች ላይ አንዣበበ። እናታቸው እንደ ቁራ ብትጮህ ማን ይስማት! ልጆቿ ቁራው መስሏቸው መዋኘታቸውን ቀጠሉ። ይሄኔ በገዛ ድምፅዋ ጮኸች፤ ሁሉም ሸምበቆው ውስጥ ጥልቅ አሉ።

«አንቺ ጭቃ እግር፣ ማን ፈቀደልሽ?» አላት ቁራው።

«ጌታው፣ ልጅ ሊነጠቅ ሲል ፈቃድ አይጠየቅም።»

ይህን የሰማች ሳቢሳ የምትባል የረግረግ ወፍ በራሷ ድምፅ ብትጮህ፣ ቁራው በመንቁሩ ወግቶ ገደላት። ያን ጊዜ የረግረጉ ወፍ ሁሉ እንደየአፉ እየጮኸ ተነሣ። ቁራው «ዝም በሉ!» ቢል የራሱንም ድምፅ መስማት አቃተው፤ ወደ ደረቅ አገሩ በረረ።

በማግስቱ የሳቢሳዋ ጫጩቶች እንደ እናታቸው እየጮኹ ረግረጉን ከእንቅልፉ ቀሰቀሱት።

እኔ ጨረስኩ፤ ጉሮሮዬ ደርቋል፣ የሚጠጣ አምጡ።