እንኮይ ያማራት ሙሽራ

እስቲ ጠጋ ጠጋ በሉ። የምነግራችሁ የደረቅ አገር ተረት ነው፤ ደረቅ ቢሆንም ግን የሚበላ አያጣም።

ላቀች የምትባል የደጋ ልጅ ቆላ ተዳረች። ባሏ ፍየል ሊሸጥ ሩቅ ገበያ ወርዷል። እሷ ነፍሰ ጡር ናት፤ አራት ወሯ። አፍራ ግን ለአንድም ሰው አልተናገረችም። ሦስት ቀን ሙሉ የቀመሰችው ሁሉ ሆዷ አልረጋ ብሏል፤ ጉልበቷ ከድቷታል፤ ለልጇም ፈርታለች። አንድ ነገር ብቻ አማራት፤ እንኮይ።

እንኮይን የማያውቅ ካለ ላስረዳ። እሾሃም ዛፍ ነው። ፍሬው ሲበስል ቢጫ ይሆናል፤ አንዳንዱም ወደ ቀይ ያደላል። ኮምጠጥ፣ ጣፈጥ ይላል፤ ገና ስታስቡት ምራቅ ይሞላችኋል። ምድሩ በፀሐይ ሲቃጠል እሱ እቴ፣ ያፈራል!

ላቀች ገደል አፋፍ ላይ ወዳለው እንኮይ ሄደች። ፍሬው ሁሉ ከላይ ነው።

«እንኮይ ሆይ፣ አንዲት ፍሬ ጣልልኝ።»

«ያለ ዘንግ አልወርድም» አለ እንኮይ።

ጫፉ ቆልማማ የሆነ ረጅም ዘንግ ያላቸው አያ ቢምረው ናቸው። ከግራር ላይ ደረቁን ፍሬ እያራገፉ ፍየሎቻቸውን ያበላሉ።

«አያ ቢምረው፣ ዘንግዎን ያውሱኝ።»

«ለምንሽ ነው ሙሽራ?»

ላቀች መሬት መሬት አየች። «እንኮይ ላወርድበት።»

«ሥራ ፈተሻል ልበል? ዘንጉን ከሰጠሁሽ ፍየሎቼ ምን ይብሉ? እኔን? የቁርቁራ ቅጠል አምጪላቸውና ውሰጂው።»

እንግዲህ እንኮይ ያለ ዘንግ አይወርድም፣ ዘንግ ያለ ቅጠል አይለቀቅም፣ ላቀችም ለምን እንዳማራት አትናገርም።

ቁርቁራው ጎረቤቷ ዘርፌ ደጃፍ ላይ ነው። እሾሁ ጥንድ ጥንድ ነው፤ አንዱ ቀጥ ያለ፣ አንዱ ወደ ኋላ የቆለመመ። ሲገቡ ዝም ብሎ ሲወጡ የሚይዝ እሾህ እሱ ነው! ፍሬው ዛፉ ላይ እንዳለ ይደርቃል፤ ሲወቀጥ ጣፋጭ ዱቄት ይወጣዋል። ዘርፌም ይህንኑ ስትወቅጥ አገኘቻት።

«እታለም ዘርፌ፣ ጥቂት ቅጠል ስጪኝ።»

«በወሰድሽልኝ! ግን እዪ፣ ዱቄቴ ማቡኪያ ውሃ አጥቶ ተቀምጧል። ልጆቼ እንደ ወፍ ጫጩት አፋቸውን ከፍተዋል። ውሃ አምጪልኝ፣ ቅጠሉን ራሴ እቆርጥልሻለሁ።»

እንኮይ ያለ ዘንግ አይወርድም፣ ዘንግ ያለ ቅጠል አይለቀቅም፣ ቅጠል ያለ ውሃ አይቆረጥም፣ ላቀችም ለምን እንዳማራት አትናገርም።

ውሃው ከደረቁ ወንዝ አሸዋ ውስጥ ተቆፍሮ የሚቀዳ ነው። ትናንት ከደጋ ጎርፍ ወርዶ አደፍርሶታል።

«ውሃ ሆይ፣ ልቅዳህ።»

«ጭቃ ሆኜ የሰው ሆድ አልገባም» አለ ውሃ። «ያለ ሽፈራው ፍሬ አልጠራም።»

ድፍርሱን በእንስራ ይዛ እመት አንጓች አጥር ሥር ደረሰች። የሽፈራው ዛፍ ያለው እሳቸው ጓሮ ነው። አጥሩ ሥር የሚያብለጨልጭ ፍሬ ወድቆ አየችና እፍኝ ሙሉ ዘገነች።

«ጣዪው!» አሉ እመት አንጓች ከጓሮ ብቅ ብለው። «ጣዪውና እጅሽን ታጠቢ! ጉሎ እኮ ነው! ሰው ልትፈጂ ነው?»

ላቀች ደንግጣ በተነችው።

«አያችሁ የደጋ ልጅ!» አሉ አሮጊቷ፣ ከላቀች ሌላ ሰው በሌለበት ለማን እንደሚያወሩ እንጃ። «ዥንጉርጉር ሆኖ ከተወለወለ ጉሎ ነው፤ አፍ አይነካም። ይሄ ደግሞ ሽፈራው፤ ሦስት ክንፍ አለው፣ ክንፉም እንደ ወረቀት የሳሳ ነው። ቅጠሉን ቀቅለሽ ትበዪዋለሽ። ፍሬውን ፈልፍለሽ፣ ወቅጠሽ፣ ድፍርስ ውሃ ውስጥ ታማስዪዋለሽ። ቆየት ሲል ጭቃው ታች ይቀራል።» (ከጠራ በኋላ ማፍላትም አይረሳ፤ ይህን የጨመርኩት እኔ ነኝ።)

«ለእኔም ትንሽ ይስጡኝ፣ እመት።»

«ለምንሽ ነው?»

«ለውሃው። እንኮይ ያለ ዘንግ አይወርድም፣ ዘንግ ያለ ቅጠል አይለቀቅም፣ ቅጠል ያለ ውሃ አይቆረጥም፣ ውሃ ያለ ሽፈራው አይጠራም…»

«ላቀችስ?»

ላቀች እንስራዋን ልታነሳ ጎንበስ አለች።

«እኔ ቅጠልም ዘንግም አልጠየቅኩሽ» አሉ እመት አንጓች። «ይቺን የቀረችዋን ንገሪኝና ፍሬውን ውሰጂ። ላቀችስ ለምን?»

ላቀች ነጠላዋን ወደ አፏ ሳበች። አጥሩን ይዛ ቆመች። ከእንግዲህ ዝም ካለች መውደቋ ነው።

«አምሮኝ ነው» አለች። «አራት ወር ሆኖኛል። ሦስት ቀን እህል አልረጋልኝም።»

«በሞትኩት! እርጉዝ ሴት ውሃ ስታስቀዱ የዋላችሁ!» እመት አንጓች መቋሚያቸውን ጥለው ወደ እንስራው ሮጡ፤ የሽፈራው ፍሬ ከእፍኛቸው እየተንጠባጠበ። ሽፈራው ተወቅጦ ውሃ ውስጥ ተማሰለ። ውሃው ገና ሳይጠራ ዘርፌ ጩኸቱን ሰማች።

«ውይ! ምነው አፍሽ በተከፈተ!» አለችና ቅጠሉን ከነቅርንጫፉ ቆርጣ ተሸክማ ወጣች፤ እሾሁ ቀሚሷን ቢይዝም ዞር አላለች። አያ ቢምረውም ነገሩን ከእሷ ሰምተው ቅጠሉን ለፍየሎቹ በተኑ።

«እንኳን ዘንጉን፣ እኔን ራሴን ውሰጂኝ! ለካ እንዲህ ኖሯል!» እያሉ ዘንጋቸውን ይዘው አፋፉ ላይ ደረሱ። ቅርንጫፉን ጎትተው ነቀነቁት።

ውሃ በሽፈራው ጠራ፣ ቅጠል በውሃ ተቆረጠ፣ ዘንግ በቅጠል ተለቀቀ፣ እንኮይም በዘንግ ወረደ። ላቀችም በላች።

አንዱን መጠጠች፤ ዘሩን ተፋች። ሁሉም ፊቷን እያዩ ጠበቁ። ረጋ። ሁለተኛውን፣ ሦስተኛውን በላች። እሱም ረጋ። ዘርፌ በጠራው ውሃ ያቦካችውን የቁርቁራ ቂጣ ትኩሱን አመጣችላት፤ እሱንም በላች፣ እሱም ረጋ።

«እግዜር ይስጥልኝ» አለች ላቀች፤ ለእመት አንጓች፣ ለዘርፌ፣ ለአያ ቢምረው፣ በየተራ እጃቸውን እየሳመች። እንኮዩንም ግንዱን ነካ አድርጋ አመሰገነችው።

ከዚያ ቀና ብላ ቅርንጫፉን አየች። ከዚህ በፊት ከአፏ ወጥቶ የማያውቀውን ድምፅ ከፍ አድርጋ፣

«አያ ቢምረው» አለች፣ «ያቺን ጫፍ ላይ ያለችዋን ቀይዋን ደግሞ ያውርዱልኝ። አምራኛለች።»